የሻይ ቆርቆሮው አፈር

አማን ላይ ምስጢር ይዞ ማርጀት ቀላል አይደለም። ጎረቤት ድስትህ ውስጥ ያለውን ከሽታው ያውቀዋል፤ ያልነገርከውን ደግሞ ራሱ ሞልቶ ይጨርስልሃል። ናድያ ግን በዚህ ሰፈር መሀል አንድ ነገር ደብቃ ፀጉሯ ሸበተ። ሰዉ ስለ እሷ የማያውቀው ያለ አይመስለውም ነበር። ሟቹ ባሏ ከፈለኝ በደርግ ጊዜ ኪየቭ ለትምህርት ሄዶ ይዟት እንደተመለሰ፣ ቴፒ ቡና እርሻ ውስጥ ብዙ ዓመት እንደኖሩ፣ ኋላም እዚህ ሚዛን አማን መጥታ የከተማውን ግማሽ ኬሚስትሪ እንዳስተማረች ሁሉም ያወራል። ስሟን ብቻ የሰማ የጅማ ሙስሊም ትመስለዋለች፤ መልኳን ያየ ደግሞ "ራሺያዋ ቲቸር" ይላታል። ዩክሬን ነኝ ብላ ማስረዳቱ ሲያደክማት ትታዋለች።

የማያውቁት ከዩክሬን የትኛዋ መንደር እንደመጣች ነበር።

በየዓመቱ በዳግማይ ትንሣኤ፣ ከቅዳሴ መልስ፣ ናድያ በሯን ትዘጋለች። ከቁም ሳጥኑ ያረጀ የሻይ ቅጠል ቆርቆሮ ታወጣና ነጭ ሳህን ላይ ትገለብጠዋለች። የሚወርደው አፈር ነው። የአማን አፈር ቀይ ነው፣ ዝናብ ከነካው ጫማ ይዞ አይለቅም። ይሄኛው ግን ግራጫ፣ አሸዋማ፣ አመድ የሚመስል ነው። ከጎኑ ቀይ የተቀባ እንቁላል ታስቀምጣለች፣ ዳቦ ትቆርሳለች፣ ከዚያ በእናቷ ቋንቋ ቀስ ብላ ታወራዋለች። በአገሯ በዚያ እሑድ ሰው ሁሉ ወደ መካነ መቃብር ወጥቶ ከሙታኑ ጋር ማዕድ ይቆርሳል። ናድያ የምትወጣበት መቃብር ስለሌላት ሳህኑ ፊት ትቀመጣለች።

መንደሯ ቬርቢቭካ ትባላለች። ከቸርኖቤል የኑክሌር ጣቢያ ብዙ አትርቅም ነበር። ጣቢያው በሰባ ስምንት ዓመተ ምሕረት፣ በሚያዝያ፣ ሲፈነዳ ናድያ ኪየቭ ተማሪ ነበረች። በፋሲካው ሰሞን ወታደሮች የጭነት መኪና ይዘው ቬርቢቭካ ገቡና ለጥቂት ቀን ነው፣ መታወቂያችሁን ብቻ ያዙ ብለው ሰዉን ጫኑት። እናቷ የፋሲካውን ዳቦ ምድጃ ውስጥ ትታ ወጣች። ያ ጥቂት ቀን እስከ ዛሬ አላለቀም። ቤቶቹን በቡልዶዘር አፈረሷቸው፣ እዚያው ጉድጓድ ቆፍረውም ቀበሯቸው። ሰው ሲቀበር ሁሉም አይቷል፤ የተወለደበት ቤት ሲቀበር ያየ ግን ብዙ የለም።

ዓመት ዞሮ፣ መቃብራቸውን እንዲጎበኙ ለአንድ ቀን ሲፈቀድላቸው፣ እናቷ ከባሏ መቃብር ላይ አፈር ዘግና በሻሿ ቋጠረች። ናድያ ያኔም ኬሚስትሪ ተማሪ ናት፤ ይሄ አፈር ተመርዟል፣ ተይው ብላ ለመነቻት።

"ይሄ አባትሽ ነው" አለቻት እናቷ። ወደ ኢትዮጵያ ስትመጣ ያንኑ አፈር ቆርቆሮ ውስጥ አድርጋ ሰጠቻት።

ታዲያ ለምን ደበቀችው? ኪየቭ የተማረችውን ስላልረሳች ነው። ከዚያ አካባቢ መምጣቷ በታወቀ ሰሞን የመኝታ ክፍል ጓደኞቿ አልጋቸውን ወደ ሌላው ግድግዳ ገፉ። ምግብ ቤት ስትቀመጥ ጠረጴዛው ባዶ ይሆናል። አብራት የምታጠና ልጅ እንኳ እጇን ኪሷ ውስጥ አድርጋ ሰላም ትላት ጀመር። ያኔ ትሪውን ይዞ መጥቶ ፊት ለፊቷ የተቀመጠ አንድ ሰው ከፈለኝ ነበር። ጨው አቀብይኝ አላት። እንዲህ ተጀምሮ ነው ትዳር የሆነው፣ ሌላ ወሬ የለውም። አገሩ ሲገቡ ግን ለእናቱም ቢሆን አልነገራቸውም። ናድያ ነፍሰ ጡር ነበረች፤ የሰው አፍ ከወሬ አይጾምም፣ ልጄን ከመወለዷ በፊት ያሟርቱባታል ብላ ፈራች። ኋላም ደርግ በወደቀ ማግሥት፣ ሶቪየት ኅብረትም በፈረሰችበት ሰሞን የእናቷ ሞት በቴሌግራም ሲደርሳት፣ በምን ሞተች ብለው እንዳይጠይቋት ብላ ቴፒ ባለው ቤቷ ጓዳ ገብታ አፏን በትራስ አፍና አለቀሰች። እናቷ ዕድሜዋን ሙሉ መሬት ስትረግጥ የኖረች ገበሬ ናት። የሞተችው የሰፈራ ከተማ ውስጥ፣ ፎቅ ላይ፣ መስኮቱ ሌላ ፎቅ በሚያይ ክፍል ውስጥ ነው። ናድያን ከሁሉ በላይ የሚያንገበግባት ይሄ ነው፤ ዛሬም ሲነሳባት እህል አይወርድላትም።

ለመሄድ አስባ ታውቃለች። በመጀመሪያ ገንዘብ የለም ነበር፣ ቀጥሎ ከፈለኝ ታመመ፣ እሱም ከሞተ በኋላ ስታስበው እዚያ ጦርነት ተነሣ። እንዲያም ሆኖ ጠዋት ጠዋት ጉሙ ከቡናው ጥላ ላይ ሲነሣ በር ላይ ቆማ የቬርቢቭካ ወንዝ ዳር ያለች ይመስላታል። ልቧ እዚያው ነው። ማንም የሌለባትን መንደር እንዲህ መናፈቅ ምን ይባላል?

አሁን በየነችን ማወቅ ያስፈልጋል። በየነች የአጥር ተጋሪዋ ናት፤ ቡናውንም ሽሮውንም በአጥር የሚቀባበሉ ወዳጆች ናቸው። በር ማንኳኳት የሚባል ነገር ግን አልፈጠረባትም። አንድ ዓመት በዳግማይ ትንሣኤ ሰተት ብላ ስትገባ ናድያ ሳህኑ ላይ ጎንበስ ብላ አፈሩን ስትስም አገኘቻት። በየነች አማተበች፣ ነጠላዋን አጣፋች፣ በመጣችበትም ወጣች። ምንም አልጠየቀችም፣ ምክንያቱም ነገሩ ለእሷ ግልጽ ነበር። እምነት ነው። ከገዳም የሚመጣ፣ ግንባር የሚቀባ፣ በጸበል ተበጥብጦ ለበሽተኛ የሚጠጣው አመድ መሳይ አፈር። እሷም ከግሼን የመጣላትን በላስቲክ ቋጥራ ራስጌዋ አላት። ፈረንጅም ክርስቲያን ከሆነ ገዳም አለው፣ ገዳም ካለው እምነት አለው። ይሄን በልቧ ይዛ ዝም አለች።

ዘንድሮ ክረምቱ ሊገባ ሲል ቴፒ ካምፓስ የምታስተምረው የናድያ ልጅ ሰሎሜ ወባ ጣላትና ናድያ ልታስታምማት ሄደች። ዶሮዎቹን የሚያበላ ስለሚያስፈልግ ቁልፉን ለበየነች ሰጠች። በዚያው ሰሞን የበየነች የልጅ ልጅ ሐሴት፣ ገና ድክ ድክ የምትለዋ፣ ገላዋ በሽፍታ ተወረረ። ልዩ የምትባለው እናቷ ሐኪም ቤት ወሰደቻት፣ ቅባት ተሰጣት። ሕፃኗ ግን እያከከች ሌት ተቀን ታለቅሳለች። አያት ይህን ቁጭ ብላ አታይም። በየነች ቁልፉን አነሣች፣ ቁም ሳጥኑን ፈትሻ ካገኘችው ቆርቆሮ በማንኪያ ዘገነች፣ በጸበል በጥብጣ የልጅቷን ገላ ቀባች፣ ጥቂትም አጠጣቻት።

ሽፍታው ጠፋ። ቅባቱ ይሁን ጊዜው ይሁን እግዜር ይወቀው፤ በየነች ዘንድ ግን ጥያቄው አልተነሣም። ያገኘችውን በረከት ብቻዋን መያዝ ነውር ሆነባትና ጉልበቱን ለሚያመው ጎረቤት ቆንጥራ ሰጠች፣ እንቅልፍ ላጣችው ሰጠች፣ ወንድ ልጇ ሱስ ለያዘባትም እናት ሰጠች።

ናድያ ስትመለስ በየነች በር ላይ ተቀብላ አቀፈቻት። ሰርቄሻለሁ፣ ግን ስትሰሚው ትመርቂኛለሽ ብላ ሁሉንም በደስታ ነገረቻት። ናድያ ሻንጣዋን ሳታስቀምጥ ወደ ቁም ሳጥኑ ሄደች። ቆርቆሮውን ስታነሣው ቀለላት። ውስጡ የቀረው የጣት ጫፍ አይሸፍንም።

መጀመሪያ የመጣባት ስለ ሕፃኗ መፍራት አልነበረም። አባቴ አለቀ ብላ ነው ያሰበችው። ስለዚህ ሐሳቧ በኋላ ብዙ አፈረች፤ ግን የሆነው ይሄው ነው። ፍርሃቱ ቀጥሎ መጣ። እርግጥ ሳይንሱን ታውቀዋለች። ከዚያ ወዲህ ከመርዙ ከግማሽ በላይ የሚሆነው እንደሞተ፣ አንድ ማንኪያ አፈርም ሰው እንደማይጥል ለማንም ማስረዳት ትችላለች። ሰሎሜ ልጅ ሳለች ግን በትንሹም በትልቁም ትኩሳት አንገቷን ስትዳብስ፣ እብጠት ስትፈልግ፣ ከፈለኝ ሲተኛ የልጅቷን ትንፋሽ ስታዳምጥ የኖረችው ይህንኑ ሳይንስ እያወቀች ነው። እውቀቱ ሌላ፣ ፍርሃቱ ሌላ።

ዝም ማለት ትችል ነበር። ማን ያውቃል? ሐሴት ጤነኛ ናት፣ በየነች ደስ ብሏታል፣ ሰፈሩ አመስግኗል። ከተናገረች ግን ልጅቷን ወደፊት ሐኪም ይከታተላታል፣ እሷ ደግሞ ዳግመኛ ጠረጴዛው ባዶ የሚሆንባት ሴት ትሆናለች። በዚህ ዕድሜዋ፣ ያለ ከፈለኝ። ከአንድ ቤት ተነቅላለች፤ ሁለተኛ መነቀልን አትችለውም። ይህን ሁሉ አወጣች አወረደች። መጨረሻ ላይ ሐሴት ጓሮ ስትስቅ ድምፅዋ በአጥሩ ተሰማና ነጠላዋን አንሥታ ሄደች።

በየነችና ልዩ ዝንጅብል እያሰጡ ነበር። ናድያ እዚያው ከሸራው ዳር ቁጭ ብላ ነገረቻቸው። ቸርኖቤልን፣ ወታደሮቹን፣ የተቀበሩትን ቤቶች፣ አፈሩ ከየት እንደተዘገነ፣ የእናቷን ሞት። እምነት አይደለም አለች፤ ሐሴትን ሐኪም ይያት። በየነች እጇ ዝንጅብሉ ላይ እንዳለ ደርቆ ቀረ። ልዩ ብድግ ብላ ልጇን አፈፍ አደረገችና ወደ ወዲያኛው ግድግዳ ሄደች። ናድያ ያቺን እንቅስቃሴ ታውቃታለች።

"ቲቸር፣ እርስዎ እኮ አስተምረውኛል" አለች ልዩ። "ይህን ሁሉ ዓመት ከቤታችን ሲገቡ ሲወጡ፣ ይህን ነገር ቁም ሳጥን ውስጥ አስቀምጠው?"

 በየነች ደግሞ ነጠላዋን ፊቷ ላይ ጎትታ ወደ ጓዳ ገባች።

ሐኪሙ ሐሴትን መረመራት። አዲስ አበባ ያሉ የሚያውቁ ሰዎችንም በስልክ ጠየቀ። የወሰደችው እጅግ ጥቂት ነው፣ አትስጉ፣ ለማንኛውም በየጊዜው እያመጣችሁ አሳዩኝ አለ። ከቆርቆሮው የደረሳቸውንም እንዲሁ አጽናንቶ ሸኘ። አንዱ ሽማግሌ፣ ይሄን ሁሉ ሰምተው፣ ጉልበቴን ግን ረድቶኛል፣ የተረፈ ይኖር ይሆን ብለው አስጠየቁ ይባላል። አማን እንዲህ ነው።

ናድያ ቤት ግን ሰው ጠፋ። በየነች በአጥሩ ብቅ አትልም። ያን ሰሞን ሰፈሩ ሲሰባሰብ፣ ሲንሾካሾክ ታያለች፤ እሷ ስታልፍ ወሬው ይቆማል። ዳቦ ልትገዛ ስትወጣ ሰላምታው ፈጣን ሆነ፣ ዓይን ይሸሻታል። ጋሽ ናስር፣ ባለ ሱቁና የእድሩ ዳኛ፣ ሌላ ጊዜ ወንበር ስበው ስለ ዩክሬን ጦርነት የሚጠይቋት ሰውዬ፣ ሂሳቡን ተቀብለው ጎንበስ አሉ። ሁሉም ኪየቭ ላይ እንዳየችው ሆነ። ለሰሎሜ ደወለችና ልመጣ ነው አለቻት። ለምን ያህል ጊዜ ነው የምትቆዪው ስትላት፣ ለዘለቄታው ብላ መለሰች። ልጅ አሳድጋ፣ ባል ቀብራ የኖረችበትን ቤት ልትዘጋ ነው። ሻንጣዋን እየሞላች ስታለቅስ የነበረው ለአማን ይሁን ለቬርቢቭካ ለይታ አላወቀችም። ሁለቱ ተቀላቅለውባት ነበር።

በማግስቱ ማለዳ፣ ወደ መናኸሪያ ልትወጣ ስትሰናዳ፣ አንድ አይሱዙ የጭነት መኪና ከአጥሯ በር ቆመ። በመስኮት አየች። ወንዶች ከላይ ይወርዳሉ፣ ሸራ ያወርዳሉ፣ የብረት ቋሚ ያወርዳሉ። ደጁ በሰው ሞላ። ናድያ አልጋዋ ላይ ቁጭ አለች። እንደዚያን ጊዜ በጭነት መኪና መጡ፣ ውጪ ሊሉኝ ነው ብላ አሰበች። መታወቂያዋን ከመሳቢያ አውጥታ በእጇ ያዘች።

የገቡት ጋሽ ናስር ነበሩ። ጫማቸውን በር ላይ አውልቀው፣ ሻንጣውን አየት አድርገው እንዳላየ አለፉትና ወንበር ስበው ተቀመጡ።

"ናድያ፣ እድሩ ተሰብስቦ ነበር" አሉ። "እንዲያውም ሳምንቱን ሙሉ ሲሰበሰብ ነው የሰነበተው። በድለሽናል። ከፈለኝን አፈር ያለበስነው እኛ አይደለንም? እናትሽ ስትሞት ለምን ደበቅሽን?"

ናድያ ያለፈ ነገር ነው፣ ብዙ ዓመት ሆኖታል አለች።

"ደንቡ እናት ይላል። ስንት ዓመት ያለፋት እናት አይልም። የተከራከርነው በመንደሩ ላይ ነው። መንደር ለሞተበት አባል እንዲህ ይደረግ የሚል ደንብ የለንም። ግማሹ ደንብ አይጣስ አለ። እኔ ደግሞ ሰው ከነቤቱ ከተቀበረ ለቅሶው ይበዛል እንጂ አይቀንስም አልኩ። ስንጨቃጨቅ መርዶ እንደያዘ ሰው ዓይንሽን ማየት አቅቶን ከረምን። አሁን ድንኳኑ ይተከል፣ አንቺም ቁጭ በይ።"

ውጭ የቋሚው ብረት ሲመታ ይሰማል። ሴቶቹ ፍራሽ አንጥፈው ናድያን አስቀመጧት፣ ጥቁር ነጠላ አለበሷት። ድስት ተጣደ፣ ንፍሮ ተቀቀለ፣ ከሸዋ ቤንች ወረዳ ድረስ የቀድሞ ተማሪዎቿ ጎደሬ በጆንያ ጭነው መጡ። ሁሉም መጣ ማለት ግን ውሸት ይሆናል። በር ላይ ቆሞ እግዜር ያጥናሽ ብሎ፣ እጇን ሳይጨብጥ፣ ውሃም ሳይቀምስ የሄደ ነበር። ጨርሰው የቀሩም ነበሩ፤ ፍርሃት በእድር ደንብ አይነሣም።

በየነች የገባችው ሰዉ ከተቀመጠ በኋላ ነው። ነጠላዋን እንደተከናነበች መጥታ ናድያ እግር ላይ ወደቀች። ናድያ ልታነሣት ብትታገል እምቢ አለች።

"በምን ዓይኔ ልይሽ?" አለች በየነች። "የአባትሽን መቃብር በማንኪያ ዘግኜ ለሰፈር ያደልኩ ሴት ነኝ። የሙት አፈር ለልጅ አጠጣሁ።"

ያኔ ነው ናድያ የገባት። እሷ እነዚህን ሁሉ ቀኖች በአጥሩ ማዶ ያለው ዝምታ መርዙን መፍራት መስሏት ነበር። በየነች ስለ መርዙ ብዙም አላሰበችም፤ ያሸሻት ኃፍረት ሌላ ነው።

"አላወቅሽም" አለቻት ናድያ።

"አንቺስ መች ነገርሽኝ?" አለች በየነች፣ ቀና ብላም አየቻት። "ያን ሁሉ ዘመን አጥር ተጋርተን።"

አስለቃሿ ማንን ብላ እንደምታስለቅስ ጠየቀች። ናድያ የእናቷንና የአባቷን ስም ሰጠች። ሌላስ ሲሏት ከወንዙ ማዶ የነበሩትን፣ ላም የሚያውሷቸውን፣ ፖስታ የሚያድሉትን ሰው፣ አንድ በአንድ ጠራች። ሴቶቹ ስሙን እየተቀበሉ አለቀሱ። አፋቸው በቤንችኛ የተፈታው በቤንች ዜማ፣ ከሰሜን የመጡት በራሳቸው ዜማ፣ ያላዩትን ሰው ከልባቸው አለቀሱለት። ያለቀሱት ለቬርቢቭካ ብቻ ነው ማለት ያስቸግራል፤ ለቅሶ ቤት ሰው ሁሉ የራሱን ሙት ይዞ ነው የሚመጣው።

ናድያ ብቻ እንባ እምቢ አላት። ጓዳ ገብቶ፣ አፍ አፍኖ ማልቀስ የለመደ ሰው በሰው ፊት አይሆንለትም። ደረቅ ዓይኗን መሬት ተክላ፣ አመስግናቸዋለሁ፣ ደግሞም ነገ ቴፒ እሄዳለሁ ብላ ታስብ ነበር። የሰው ደግነት እንደሚያልቅ ታውቃለች። ድንኳኑ ሲፈርስ የሚመጣውን ቀን ነው የፈራችው።

ከሰዓት በኋላ ልዩ በድንኳኑ በር ገባች። ልጇን አላመጣችም። ለቅሶው ጋብ አለ፤ ሰፈሩ ሁሉ በመካከላቸው ያለውን ያውቃል። ወንበር ላይ አልተቀመጠችም። መሬቱን አቋርጣ መጥታ ከናድያ አጠገብ ፍራሹ ላይ ቁጭ አለች፣ ትከሻዋ ትከሻዋን ነካ።

"ይቅር ብዬዎት አይደለም የመጣሁት" አለች ዝግ ብላ። "እሱን ወደፊት እናያለን፤ ልጄ ባሳላት ቁጥር እርስዎን ማሰቤ አይቀርም። የመጣሁት ለእናትዎ ነው። እናት ሞታብዎታለች።"

ናድያ አንገቷን ቀና አደረገች። ይህን የመሰለ ነገር የተናገራት ሰው አልነበረም። ከፈለኝ ራሱም እናት ሞታብሻለች ብሏት አያውቅም፤ እንዳታስበው ብሎ ወሬ ይቀይርባት ነበር። አፏን ልታፍን እጇን ስታነሣ ልዩ እጇን ያዘችው፣ አልለቀቀችውም። ናድያ እናቷን በልጅነቷ በምትጠራት ስም ጮኻ ጠራቻት፤ ድንኳኑ ውስጥ ያሉት ሴቶች ሁሉ ከእሷ ጋር አለቀሱ።